ደካማ ማስረጃ እና የግድያ ወንጀል ይግባኝ፦ የላይኛው ፍርድ ቤት እስከ ምን ድረስ ይመረምራል?

ጥያቄው በአጭሩ የሚከተለው ነው። ጠያቂያችን ከሚኖሩበት ውጭ አገር እንደጻፉልን፣ ታናሽ ወንድማቸው በአማራ ክልል በሚገኝ አንድ የዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት በተራ የሰው ግድያ፣ ማለትም በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 540፣ ጥፋተኛ ተብሎ የ16 ዓመት ጽኑ እስራት ከተፈረደበት 10 ቀን ሆኖታል። ዐቃቤ ሕግ ያቀረበው የመጀመሪያው ምስክር ከምሽቱ 2 ሰዓት ገደማ በጨረቃ ብርሃን ከ30 ሜትር ያህል ርቀት ሲወጋው አይቻለሁ ብሏል። ሁለተኛው ደግሞ ሟች ወደ ጤና ጣቢያ ሲወሰድ «እገሌ ወጋኝ» ሲል ሰምቻለሁ ብሏል። ከእነዚህ ሌላ ተከሳሹ ለፖሊስ ሰጠው የተባለና በችሎት የካደው የእምነት ቃል፣ እንዲሁም ሟች በስለት ተወግቶ መሞቱን የሚገልጽ የሐኪም ማስረጃ አለ። ቢላዋው አልተገኘም። በሁለቱ ቤተሰቦች መካከል የቆየ የእርሻ ድንበር ጠብ ነበር። ወንድማቸው በዚያ ምሽት ሌላ ቀበሌ ለቅሶ ቤት እንደነበረ ሦስት ሰዎች ቢመሰክሩም ፍርድ ቤቱ «የዐቃቤ ሕግን ማስረጃ አላስተባበሉም» ብሎ አልፏቸዋል። ጉዳዩን የያዙት የሕግ ሰው ደግሞ «ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ምስክር ዳግም አይሰማም፤ ስለዚህ የማስረጃውን ነገር ትተን ቅጣቱ እንዲቀነስ ብቻ እንጠይቅ» ብለዋቸዋል። ይህ ምክር ትክክል ነው ወይ ይላሉ።

ምክሩ የተነሣበት ነገር እውነት ነው፤ የደረሰበት መደምደሚያ ግን ስሕተት ነው። ወደ ምክንያቱ ከመግባቴ በፊት ጊዜ የማይሰጠውን ላስቀድም። በወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 187 መሠረት ይግባኝ ለማለት የፈለገ ሰው ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ የሚል መሆኑን ለፈረደው ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ማሳወቅና የፍርዱን ግልባጭ መጠየቅ አለበት፤ ዝርዝር የይግባኝ ማመልከቻው ደግሞ ግልባጩ በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ይቀርባል። እንዳሉት 10 ቀን ካለፈ የቀረው አምስት ቀን ነው። ወንድምዎ ማረሚያ ቤት ውስጥ ስለሆነ ማሳወቂያውን በማረሚያ ቤቱ አስተዳደር በኩል መላክ ይችላል፤ አንድ ገጽ ይበቃዋል፤ ምክንያት መዘርዘርም አያስፈልገውም። ጊዜው ካለፈ በአንቀጽ 191 ማስፈቀድ ቢቻልም መዘግየቱ በአመልካቹ ጥፋት አለመሆኑን ማስረዳት ስለሚጠይቅ በዚያ ላይ ተስፋ እንዲያደርጉ አልመክርም። ግልባጩ ሲጠየቅ ፍርዱ ብቻ ሳይሆን የምስክሮቹ ቃል፣ «ይከላከል» የተባለበት ብይንና ከፖሊስ ምርመራ መዝገብ ተያይዘው የቀረቡት ሰነዶች ሁሉ እንዲሰጡ ይጠየቅ። ቀጥሎ የምናገረው ሁሉ በእነዚህ ወረቀቶች ላይ የቆመ ነው።

ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት በተለምዶ ምስክር ዳግም አይሰማም ማለት ማስረጃን አይመዝንም ማለት አይደለም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20(6) ለተከሳሾች የሰጠው የይግባኝ መብት በሕግ ነጥብ ላይ ብቻ የተወሰነ አይደለም። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 195 ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት የጥፋተኝነት ውሳኔውን ሽሮ ተከሳሹን በነጻ የማሰናበት ሥልጣን ይሰጠዋል፤ ይህን ሥልጣን ማስረጃውን ሳይመረምሩ መጠቀም አይቻልም። ኢትዮጵያ በ1993 እ.ኤ.አ. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን በአንቀጽ 14(5) ጥፋተኛ የተባለ ሰው ጥፋተኛነቱና ቅጣቱ በበላይ ፍርድ ቤት እንዲመረመርለት መብት ሰጥቶታል፤ የተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብቶች ኮሚቴም በ2007 እ.ኤ.አ. ባወጣው አጠቃላይ ማብራሪያ ቁጥር 32 ላይ ምርመራው በሥነ ሥርዓትና በሕግ ነጥብ ብቻ ተወስኖ የማስረጃውን በቂነት ካላየ መብቱን እንደማያሟላ አስቀምጧል። ኮሚቴው ሙሉ ክርክሩ ዳግም ይሰማ አላለም፤ ማስረጃው በይዘቱ ይመርመር ነው ያለው። በሕገ መንግሥታችን አንቀጽ 13(2) መሠረት የመሠረታዊ መብቶች ድንጋጌዎች አገሪቱ ከተቀበለቻቸው ዓለም አቀፍ ሰነዶች ጋር ተጣጥመው ስለሚተረጎሙ፣ ይህን ማብራሪያ በይግባኝ ማመልከቻ ውስጥ በአንድ አንቀጽ መጥቀስ ተገቢ ነው። ከአንድ አንቀጽ በላይ ግን አያስፈልገውም፤ ጉዳዩ የሚወሰነው በመዝገቡ ነው።

እንግዲህ «ማስረጃው ደካማ ነው» የሚለው አባባል ሁለት የተለያዩ ነገሮችን እንደሚሸፍን ልብ ይሏል። አንደኛው ምስክሩ አይታመንም የሚል ክርክር ነው። ሁለተኛው ምስክሩ የተናገረው ሁሉ እውነት ነው ቢባል እንኳ ተከሳሹ መግደሉን አያረጋግጥም የሚል ነው። በመጀመሪያው ክርክር የሥር ፍርድ ቤት ዳኞች ምስክሩን በዓይናቸው ስላዩ ይግባኝ ሰሚው ለእነርሱ ግምት ይሰጣል፤ በሁለተኛው ግን ሁለቱም ፍርድ ቤቶች እኩል ናቸው፤ የተጻፈን ቃል አንብቦ ምን እንደሚያረጋግጥና ምን እንደማያረጋግጥ ለመለየት ምስክሩን ማየት አያስፈልግም። በልምዴ በርካታ የግድያ ይግባኞች ወድቀው የሚቀሩት ሁለተኛውን ክርክር ማቅረብ ሲቻል የመጀመሪያው ብቻ እየተደጋገመ ስለሚቀርብ ነው። «ምስክሩ ዋሽቷል፣ የሟች ወገን ነው» የሚል ማመልከቻ በየቀኑ ይቀርባል። «ምስክሩ አልዋሸ ይሆናል፤ ነገር ግን አየሁ ባለበት ሁኔታ ሰው ለይቶ ማወቅ አይችልም» የሚለው ግን ዳኛን እንዲያስብ ያስገድዳል።

ከዓይን ምስክሩ እንጀምር። በሌሊት ሰው ለይቶ ማወቅ በየትም አገር ፍርድ ቤቶችን ያሳሳተ ጉዳይ ነው፤ ምክንያቱም የሚሳሳተው ምስክር በአብዛኛው ቅን ሰው ነው፤ እርግጠኛ ሆኖም ስለሚናገር በመስቀለኛ ጥያቄ፣ ማለትም ተቃራኒው ወገን በሚያቀርብለት ጥያቄ፣ አይናወጥም። የእንግሊዝ የይግባኝ ፍርድ ቤት በ1976 እ.ኤ.አ. ተርንቡል በሚባለው ጉዳይ ላይ ዳኞች ሊጠይቋቸው የሚገቡ ነጥቦችን አስቀምጧል፦ ምስክሩ ለምን ያህል ጊዜ አየ፣ ከምን ያህል ርቀት፣ በምን ዓይነት ብርሃን፣ የሚከልል ነገር ነበረ ወይ፣ ሰውየውን ቀድሞ ያውቀው ነበር ወይ፣ ካየበት እስከተናገረበት ምን ያህል ጊዜ አለፈ፣ መጀመሪያ ለፖሊስ የሰጠው መግለጫ ከተከሳሹ ጋር ይገጥማል ወይ። ይህ ፍርድ ኢትዮጵያ ውስጥ አስገዳጅነት የለውም፤ ነጥቦቹ ግን የአእምሮ ፍርድ ናቸውና ማንኛውም ችሎት ሊቀበላቸው ይችላል። የወንድምዎን ፍርድ ሲያነቡ ከእነዚህ ጥያቄዎች ስንቶቹ መልስ እንዳገኙ ይቁጠሩ። «የዓይን ምስክሩ ድርጊቱን ማየቱን አረጋግጧል» ከሚል ዐረፍተ ነገር በቀር ምንም ከሌለ፣ የይግባኙ አንድ ትልቅ ምክንያት ተገኘ ማለት ነው።

ወንድምዎና ምስክሩ የአንድ መንደር ሰዎች ስለሆኑ ዐቃቤ ሕግ «ቀድሞ ስለሚያውቀው አይሳሳትም» ብሎ እንደሚመልስ ይጠብቁ። ይህ ክብደት ያለው መልስ ነው፤ መዘጋጀት ያስፈልጋል። ሆኖም የሚያውቁትን ሰው ከሌላ ከሚያውቁት ሰው ጋር ማምታታትም አለ፤ በተለይ ጋቢ የለበሰ ሰው በሌሊት ከጀርባው ወይም ከጎኑ ሲታይ። ስለዚህ ምስክሩ ፊቱን አየሁ ነው ያለው፣ ወይስ በቁመቱና በአረማመዱ ለየሁት ነው ያለው? መልሱ በቃሉ ውስጥ አለ ወይም የለም፤ ከሌለ ይህን ማረጋገጥ የዐቃቤ ሕግ ሸክም እንደነበር ይጻፍ።

የጨረቃዋ ነገር ደግሞ በሰው ቃል ብቻ የሚቀር አይደለም። ድርጊቱ የተፈጸመበት ቀን ክስ ማመልከቻው ላይ ስላለ በዚያ ምሽት 2 ሰዓት ላይ ጨረቃ ወጥታ እንደነበረና ምን ያህል ሞልታ እንደነበረች በስሌት ይታወቃል። የጨረቃዋን ዕድሜ የሚያሰላ አንድ የባሕረ ሐሳብ (የቤተ ክርስቲያን የዘመን ቀመር) ዐዋቂ ደብር ውስጥ ቁጭ ብሎ ሊነግርዎ ይችላል፤ ለፍርድ ቤት ግን ከሚመለከተው የመንግሥት ተቋም የተጻፈ ደብዳቤ ይሻላል፤ ወሩ ክረምት ከሆነ የደመናውን ሁኔታ ከሜትዎሮሎጂ መጠየቅም ይቻላል። ከሙሉ ጨረቃ ብዙ ቀናት ያለፉበት ምሽት ሆኖ ጨረቃዋ ገና ያልወጣች ከሆነ የዋናው ምስክር ቃል መሠረቱ ይናዳል። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 194 ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት አስፈላጊ ሆኖ ሲያገኘው ተጨማሪ ማስረጃ ራሱ እንዲቀበል ወይም እንዲሰማ እንዲያዝ ይፈቅድለታል። ይህን መብት የሚጠይቅ ሰው ማስረጃው ምን እንደሆነ፣ ለምን በሥር ፍርድ ቤት እንዳልቀረበና የትኛውን ነጥብ እንደሚለውጥ ለይቶ መግለጽ አለበት፤ «ተጨማሪ ምስክሮች አሉን» የሚል ደረቅ ጥያቄ ተቀባይነት አያገኝም። ከዚህ ጋር አንድ ነገር ላስታውስ፦ ከፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ በተለየ፣ በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ አዲስ ማስረጃ ሲገኝ የተዘጋን መዝገብ ዳግም የሚከፍት ምዕራፍ የለውም። አዲስ ነገር ካለ የሚቀርበው አሁን ነው።

ወደ ሁለተኛው ምስክር እንለፍ። ሟች «እገሌ ወጋኝ» ብሏል የሚለው ቃል የስሚ ማስረጃ (ምስክሩ ራሱ ያላየው፣ ከሌላ የሰማው) ስለሆነ አይቀበሉትም ብሎ መከራከር ብዙ አያራምድም። የኢትዮጵያ ሕግ የስሚ ማስረጃን በደፈናው አልከለከለም፤ እንዲያውም የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 137 ምስክር በቀጥታም ሆነ በተዘዋዋሪ ስለሚያውቀው ፍሬ ነገር ሊጠየቅ እንደሚችል ይናገራል። የተሟላ የማስረጃ ሕግ ሳይኖረን ዘመናት ስላለፉ፣ የሟች የመጨረሻ ቃል የሚመዘነው በዳኛው ሚዛን ነው። ክርክሩ ስለዚህ መሆን ያለበት በክብደቱ ላይ ነው። ሟች በመስቀለኛ ጥያቄ ሊጠየቅ አይችልም፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20(4) ተከሳሽ የቀረቡበትን ምስክሮች የመጠየቅ መብት ስለሰጠው እንዲህ ያለው ቃል ብቻውን ወይም ዋና ሆኖ ለጥፋተኝነት ሲውል ከፍ ያለ ጥንቃቄ ይጠይቃል። ሟችስ ራሱ የወጋውን ሰው እንዴት ለየው? በጨለማ ከኋላው ተወግቶ ከሆነ፣ ለዓመታት በድንበር ሲጣላው የኖረውን ሰው ስም መጥራቱ ያየውን መናገሩ ነው ወይስ የጠረጠረውን? እዚህ ላይ የሐኪሙ ማስረጃ ያግዛል። ቁስሉ ጀርባ ላይ ነው ወይስ ደረት ላይ? ሟች ከተወጋ በኋላ ለመናገር በሚችል ሁኔታ ላይ ነበር ወይ? የሐኪም ማስረጃ የሚቀርበው መሞቱንና የሞቱን ምክንያት ለማረጋገጥ ቢሆንም፣ ማን እንደወጋው የሚናገሩትን ምስክሮች ለመፈተሽ የሚያገለግለውን ያህል ሌላ ሰነድ የለም። ይህን ሰነድ ተከላካዮች በሚገባ ሲጠቀሙበት የማየው ከስንት አንድ ጊዜ ነው።

የቂም ጉዳይም ሁለት አፍ እንዳለው ልብ ይበሉ። ፍርድ ቤቱ የድንበር ጠቡን ወንድምዎ ለመግደል ምክንያት እንደነበረው ማሳያ አድርጎ ወስዶት ይሆናል። ያው ጠብ ግን የሟች ወገኖች፣ መንደርተኛውም፣ ሟች ራሱም ሳያዩ ወደ እርሱ እንዲጠቁሙ የሚያደርግ ምክንያት ነው። በቂ የሆነ ሌላ ማስረጃ በሌለበት ቂም ማንን እንደምንጠረጥር እንጂ ማን እንደገደለ አይነግረንም።

አሁን በዚህ መዝገብ ከሁሉ የሚከብደኝን ነጥብ ላንሣ። ፍርዱ ሦስት ማስረጃዎች «እርስ በርስ ተደጋግፈዋል» ይላል እንደሚሉን። መደጋገፍ የሚባለው ግን ማስረጃዎቹ ከተለያየ ምንጭ ሲመጡ ነው። የመጀመሪያው ምስክር ሟችን ተሸክመው ወደ ጤና ጣቢያ ከሄዱት ሰዎች አንዱ ከሆነ የሟችን ቃል እርሱም ሰምቷል ማለት ነው። ለፖሊስ ቃሉን የሰጠው ከዚያ በፊት ነው ወይስ በኋላ? ስሙን ከሰማ በኋላ ከሆነ፣ በጨለማ ያየው የደበዘዘ ሰው በጆሮው በሰማው ስም ተሞልቶ ሊሆን ይችላል፤ ይህ ሲሆን ሰውየው ራሱም አይታወቀውም። የእምነት ቃሉ ደግሞ የተወሰደው ፖሊስ ሁለቱንም ከሰማ በኋላ ከሆነና ከእነርሱ ያልተሰማ አንድም አዲስ ነገር ከሌለው፣ ሦስቱም ከአንድ ጉድጓድ የተቀዱ ናቸው፤ እንስራው ቢበዛ ምንጩ አንድ ነው። ስለዚህ የቀናቱንና የሰዓቱን ቅደም ተከተል ከምርመራ መዝገቡ ላይ አውጥቶ በአንድ ገጽ ማስቀመጥ ከአሥር ገጽ የሕግ ትንታኔ ይበልጣል። ምስክሩ በፖሊስ ዘንድ የሰጠው ቃል በችሎት ከተናገረው የሚለይ ከሆነ፣ ለምሳሌ መጀመሪያ «ጩኸት ሰምቼ ወጣሁ» ብሎ በኋላ «ሲወጋው አየሁ» ብሎ ከሆነ፣ የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 145 ያ ቃል ለማነጻጸሪያ እንዲቀርብ የሚፈቅድ ነው፤ በሥር ፍርድ ቤት ተጠይቆ ከነበረ ይህ በይግባኙ ጎልቶ ይጻፍ፤ ካልተጠየቀም ቃሉ በመዝገቡ ውስጥ ካለ ከመጥቀስ የሚከለክል ነገር የለም።

ስለ እምነት ቃሉ ሁለት የተለያዩ ክርክሮች አሉና እንዳይቀላቀሉ። የመጀመሪያው ተቀባይነቱን ይመለከታል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19(5) የተያዘ ሰው በማስረጃነት ሊቀርብበት የሚችል የእምነት ቃል እንዲሰጥ እንደማይገደድና በማስገደድ የተገኘ ማስረጃ ተቀባይነት እንደሌለው ይደነግጋል። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 27 ተጠርጣሪው ያለመናገር መብት እንዳለውና የሚናገረው በማስረጃነት ሊቀርብበት እንደሚችል እንዲነገረው ያዛል፤ አንቀጽ 31 ማባበልን፣ ማስፈራራትንና ተስፋ መስጠትን ይከለክላል። ቃሉ በፍርድ ቤት ፊት በአንቀጽ 35 የተሰጠ ከሆነ ዳኛው በፈቃዱ መሆኑን ጠይቆ ማረጋገጥ ነበረበት። በርካታ ፍርዶች ውስጥ «ተከሳሹ ተገድዶ መስጠቱን አላስረዳም» የሚል ዐረፍተ ነገር ይገኛል። ይህ የማስረዳት ሸክሙን ወደ ተከሳሹ ማዞር ነው፤ የሰብአዊ መብቶች ኮሚቴው በዚያው ማብራሪያ ላይ ቃሉ በፈቃድ መሰጠቱን የማስረዳት ግዴታ የመንግሥት መሆኑን በግልጽ ጽፏል። ፖሊስ ጣቢያ ውስጥ ከእርሱና ከመርማሪው በቀር ማንም ባልነበረበት ክፍል ተደበደብኩ የሚል ሰው ምን ማስረጃ እንዲያመጣ ይጠበቃል? ቢያንስ ግን ወንድምዎ ስለ ድብደባው መጀመሪያ የተናገረው መቼ እንደሆነ ይፈልጉ፤ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ሲቀርብ ወይም ፖሊስ ለምርመራ ተጨማሪ ቀን በሚጠይቅበት የጊዜ ቀጠሮ ችሎት አመልክቶ ከነበረ ያ ቀን መዝገብ ላይ አለ፤ የጊዜ ቀጠሮው መዝገብም ተለይቶ ግልባጩ ይጠየቅ።

ሁለተኛው ክርክር ቃሉ ተቀባይነት አለው ቢባል እንኳ ምን ያህል እንደሚመዝን ነው። እውነተኛ የእምነት ቃል አብዛኛውን ጊዜ ፖሊስ የማያውቀውን ነገር ይዞ ይመጣል፦ ቢላዋው የት እንደተጣለ፣ በየት መንገድ እንደተሸሸ፣ ከመወጋቱ በፊት ምን ተባብለው እንደነበር። እዚህ ቢላዋው አልተገኘም። ቃሉ ቢላዋው የት እንዳለ ይናገራል? ከተናገረና ፖሊስ ሄዶ ካጣው ቃሉ በራሱ ሐሰት ሆኗል፤ ካልተናገረም እያመነ ያለ ሰው ይህን አንድ ነገር የሚደብቅበት ምክንያት ምንድን ነው ተብሎ መጠየቅ አለበት።

ስለ መከላከያ ምስክሮቹ የተሰጠው ምክንያት ደግሞ በፍርዶቻችን ውስጥ ሥር የሰደደ ልማድ ነው። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 141 የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ካልተስተባበለ ለጥፋተኝነት የማያበቃ ከሆነ ተከሳሹ መከላከል ሳያስፈልገው በነጻ እንዲሰናበት ያዛል። ከዚህ ተነሥተው አንዳንድ ችሎቶች «ይከላከል» ብለው ብይን በሰጡ ቅጽበት ነገሩ በግማሽ ያለቀ ያስመስሉታል፤ ከዚያ በኋላ ጥያቄው ተከሳሹ አስተባበለ ወይስ አላስተባበለም የሚል ብቻ ይሆናል። ይህ ግን የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 20(3) የንጹሕነት ግምት ትቶ መሄድ ነው። «ይከላከል» የሚለው ብይን ክርክሩ ይቀጥል ማለት እንጂ ማስረጃው ታምኗል ማለት አይደለም። በመጨረሻ የሚጠየቀው ሁለቱም ወገን ያቀረበው ሁሉ በአንድነት ታይቶ ተከሳሹ ስለመግደሉ ምክንያታዊ ጥርጣሬ ቀርቷል ወይስ አልቀረም የሚለው ነው። ለቅሶ ቤት ነበርኩ ያለ ሰው እዚያ መኖሩን በእርግጠኝነት ማረጋገጥ አይጠበቅበትም፤ እውነት ሊሆን ይችላል የሚያሰኝ ማስረጃ ካመጣ ይበቃዋል። ሦስቱ ሰዎች «ዘመድ ናቸው» ተብለው ከተጣሉ፣ የዐቃቤ ሕግ ምስክሮች ለሟች ያላቸው ቅርበት በዚያው ሚዛን ታይቶ እንደሆነ ይመርመር። ለቅሶ ቤቱ የማን እንደነበረ፣ ከድርጊቱ ቦታ በእግር ምን ያህል እንደሚያስኬድና ሰውየው ስንት ሰዓት ላይ እንደታየ በቃላቸው ውስጥ ካለ ፍርዱ ለእነዚህ መልስ መስጠት ነበረበት።

ይህ ሁሉ ወደ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 149 ይወስደናል። ድንጋጌው ፍርድ የማስረጃውን ፍሬ ነገር፣ ማስረጃው ተቀባይነት ያገኘበትን ወይም ውድቅ የተደረገበትን ምክንያትና መሠረት የሆነውን የሕግ ድንጋጌ እንዲይዝ ያዛል። እኔ ይግባኝ የማዘጋጀው ከዚህ ድንጋጌ ተነሥቼ ነው። ምክንያቱም የሥር ፍርድ ቤት ምስክሩን ስላየ ግምት ይሰጠዋል የሚባለው ያየውንና ያመነበትን ምክንያት ሲጽፍ ነው፤ ምክንያት ካልጻፈ ይግባኝ ሰሚው ግምት የሚሰጠው ነገር የለም። ማመልከቻው እያንዳንዱን ነጥብ በምስክሩ ስም፣ በገጹና በተናገረው ቃል እየጠቀሰ፣ ከዚያ ፍርዱ ስለዚያ ነጥብ ምን እንዳለ ወይም ዝም እንዳለ እያሳየ ይሂድ። አንድ ንጹሕ ሰው ከሚታሰር ብዙ ወንጀለኛ ቢለቀቅ ይሻላል የሚለውን አባባል ዳኞቹ ያውቁታል፤ ቦታ አይያዝበት። ቃሉ በድምፅ ተቀድቶ በኋላ የተገለበጠ ከሆነ ወሳኝ የሆኑት ዐረፍተ ነገሮች ከድምፁ ጋር ይመሳከሩ፤ «አየሁት» እና «አየሁት መሰለኝ» በአንድ የተዘለለ ቃል ይለያያሉ።

የክርክሩ ሥርዓትም ይመርመር። ወንድምዎ ጠበቃ ለመቅጠር አቅም ሳይኖረው ያለ ተከላካይ ጠበቃ ተከራክሮ ከሆነ፣ እስከ 20 ዓመት በሚያስቀጣ ክስ ይህ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20(5) ሥር ራሱን የቻለ ከባድ የይግባኝ ምክንያት ነው። ጠበቃ ኖሮት ከሆነም ጠበቃው ዋናው ምስክር በተሰማበት ቀን ተገኝቶ እንደነበር ይታይ።

ከቅጣት ቅነሳው ጋር በተያያዘ ለአማካሪዎ ፍትሐዊ ልሁን፤ ጥያቄው በአማራጭ መቅረቡ ተገቢ ነው። በመጀመሪያ ጥፋተኛ የተባለበት ውሳኔ ተሽሮ በነጻ እንዲሰናበት፣ ይህ ካልሆነ ተጨማሪ ማስረጃ እንዲሰማ፣ ይህም ካልሆነ ቅጣቱ እንዲሻሻል ይጠየቃል። መካከል ላይ አንድ ፈታኝ ምርጫ አለ፦ ድርጊቱ ወደ ወንጀል ሕጉ አንቀጽ 541፣ ማለትም እስከ አምስት ዓመት ቀላል እስራት ወደሚያስቀጣው ቀላል የሰው ግድያ ይለወጥ ብሎ መጠየቅ። ይህ አንቀጽ ከራስ መከላከል ወሰን ያለፈን ወይም በከባድ መነሣሣት ስሜት የተፈጸመን ግድያ የሚመለከት ስለሆነ ሰውየው በቦታው እንደነበረና እንደወጋ ተቀብሎ የሚነሣ ክርክር ነው። ለቅሶ ቤት ነበርኩ ከሚለው ጋር በአንድ ማመልከቻ ቢጻፍ ሁለቱም ይዳከማሉ። ወንድምዎ አልነበርኩም ካለ በዚያው ይጽና፤ የቅጣት ክርክሩ በዕድሜው፣ በቀድሞ ጠባዩና በቤተሰብ ኃላፊነቱ ላይ ብቻ ይመሥረት።

ይግባኙ ለክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲቀርብ ዳኞቹ መጀመሪያ ያስቀርባል ወይስ አያስቀርብም የሚለውን፣ ማለትም ዐቃቤ ሕግ ተጠርቶ መልስ ይስጥበት ወይስ ሳይጠራ ይዘጋ የሚለውን፣ ያያሉ፤ ብዙ መዝገብ የሚዘጋው እዚህ ላይ ነውና ከሁሉ የበረታው ነጥብ፣ በእኔ ግምት የማስረጃዎቹ ምንጭ አንድ መሆንና የብርሃኑ ጉዳይ፣ በመጀመሪያው ገጽ ላይ ይቀመጥ። ከዚያ ያለው የሰበር መንገድ መሠረታዊ የሕግ ስሕተትን ብቻ የሚመለከት ስለሆነ የማስረጃ ምዘና በዚያ ደረጃ በመርሕ አይነሣም። የማስረዳት ሸክምን ማዞር፣ የተገደደ ቃልን መቀበልና ያለ ምክንያት መፍረድ ግን የሕግ ስሕተቶች ናቸው፤ በሰበር እንዲሰሙ ከተፈለገ አሁን በይግባኝ ማመልከቻው ላይ በዚሁ ስማቸው ተጠርተው መነሣት አለባቸው።